ጃፓናዊ፣ በርማዊ፣ ሞንጎላዊ፤ ሴሹ ሃያካዋ በድምፅ አልባውና በባለ ድምፁ ፊልም ዘመን



በ1915 መገባደጃ ላይ «ዘ ቺት» የተባለ ፊልም አሜሪካ ውስጥ ለእይታ በቃ። በዚህ ዲስኩር የሚጠሩት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። ከፊልሙ ዋና ገጸ ባህርያት አንዱ ሂሹሩ ቶሪ የሚባል ሀብታም ጃፓናዊ ነበር። ሦስት ዓመት አልፎ ፊልሙ እንደገና ሲወጣ ያው ሰውዬ በርማዊ የዝሆን ጥርስ ነጋዴ ሆኖ ቀረበ፤ ስሙም ሃካ አራካው ተባለ። ለዚህ ሲባል አንድም ትዕይንት እንደገና አልተቀረጸም። ፊቱ ያው፣ ልብሱ ያው፣ ቤቱም ያው ነው። የተለወጠው በትዕይንቶቹ መካከል ብቅ እያለ ታሪኩን የሚያስረዳው ጽሑፍ ብቻ ነበር።

ምክንያቱ ቀላል ነው። ፊልሙ መጀመሪያ ሲወጣ ሎስ አንጀለስ የሚኖሩ ጃፓናውያን «ስማችንን አጠፋ» ብለው ጮኸው ነበር፤ ያኔ የሰማቸው የለም። በ1918 ግን ጃፓንና አሜሪካ በአንደኛው የዓለም ጦርነት በአንድ ወገን ተሰልፈዋል፤ የጦር አጋርን ማስቀየም አያዋጣም። በርማ በበኩሏ በእንግሊዝ ቅኝ አገዛዝ ሥር ስለነበረች አቤት የሚል ኤምባሲ አልነበራትም። ዛሬ ሰው ፈልጎ የሚያገኘው የፊልሙ ቅጂም የ1918ቱ ነው።

ይህን ሁለት አገር ያለው ገጸ ባህርይ የተጫወተው ሴሹ ሃያካዋ ይባላል። ስለ ድምፅ አልባው ዘመን ተዋንያን ሲነሳ የሚተረከው ታሪክ አንድ ዓይነት ነው፦ በ1927 «ዘ ጃዝ ሲንገር» ወጣ፣ ፊልም አፍ አወጣ፣ ድምፃቸው ያላማረና እንግሊዝኛቸው የተሰባበረ ኮከቦች በአንድ ጀምበር ወደቁ። እውነት ያለበት ነገር ነው። የመጀመሪያውን የምርጥ ተዋናይ ኦስካር የወሰደው ኤሚል ያኒንግስ ሽልማቱን ይዞ ወደ ጀርመን የተመለሰው በዚሁ ምክንያት ነው። የሃያካዋ ሕይወት ግን በዚህ ትረካ ውስጥ አይገባም። እሱን ከሆሊውድ ያስወጣው ማይክሮፎን አልነበረም፤ ማይክሮፎኑ ሲመጣ እሱ ከሄደ አምስት ዓመት ሆኖታል።

ሃያካዋ በ1886 ቺባ በተባለው የጃፓን ጠረፍ አውራጃ ተወለደ። ቤት የወጣለት ስም ኪንታሮ ነው። ቤተሰቡ የተደላደለ ኑሮ ነበረው፤ አባቱም ልጃቸው የባሕር ኃይል መኮንን እንዲሆን ቆርጠው ነበር። ራሱ በሕይወት ታሪክ መጽሐፉ እንደተረከው፣ ጓደኞቹ «አትችልም» ብለው ሲፎካከሩት ውኃ ውስጥ ጠልቆ የጆሮው ታምቡር ተቀደደ፤ በዚህም የተነሳ በባሕር ኃይሉ የጤና ምርመራ ወደቀ። የአባቱን ኀፍረት መሸከም አቅቶት ሆዱን በስለት ወጋ፤ ተረፈ። ከዚያ በኋላ ነው ወደ አሜሪካ የተላከው። ሃያካዋ ስለ ራሱ ሲያወራ ማሳመር የሚወድ ሰው ስለነበር የወጣትነት ትረካዎቹን በጥንቃቄ መስማት ይበጃል። የስለቱን ነገር ግን ልብ ማለት ያስፈልጋል፤ በሰባ ዓመቱ በተጫወተው ትዕይንት ውስጥ ተመልሶ ይመጣል።

ሎስ አንጀለስ ውስጥ በጃፓናውያን ሰፈር ቴአትር ሲሠራ የታዋቂው ፕሮዲዩሰር የቶማስ ኢንስ ዓይን አረፈበት። በዚያን ጊዜ በፊልሙ ዓለም የቀደመችው እሱ ሳይሆን ሹሩ አኦኪ የተባለች ተዋናይት ነበረች። ሹሩ በልጅነቷ ከአንድ የጃፓን የቴአትር ቡድን ጋር አሜሪካ መጥታ እዚያው ያደገች ናት። በ1914 መጀመሪያ ሳኩራጂማ የሚባለው የጃፓን እሳተ ገሞራ ሲፈነዳ ኢንስ ወሬው ሳይበርድ «የአማልክት ቁጣ» የሚል ፊልም ሠራ፤ ሹሩም ሃያካዋም ተጫወቱበት። በዚያው ዓመት በግንቦት ወር ተጋቡ። ቀጥሎ የመጣው «ታይፉን» ሃያካዋን በአገሩ ሁሉ አሳወቀው።

ከዚያ «ዘ ቺት» መጣ። ዳይሬክተሩ ሴሲል ቢ. ዴሚል ነው። ኤዲት የምትባል የባለጸጋ ሚስት የቤልጅየም ስደተኞች የተዋጣላቸውን 10,000 ዶላር አክሲዮን ላይ አውላ ትከስራለች። ቶሪ ገንዘቡን ሊሰጣት ይስማማል፤ ዋጋው ገላዋ ነው። ባሏ በድንገት ገንዘብ ሲያገኝ ቼክ ይዛ ትመጣለች፤ ቶሪ ግን «ውሉ አይፈርስም» ይላል። ስትታገለው የንብረቶቹ ምልክት የሆነውን ማኅተም ከከሰል ምድጃው አንስቶ ትከሻዋን ይተኩሳታል። እሷም በሽጉጥ ታቆስለዋለች። ፊልሙ የሚያልቀው ችሎቱ ውስጥ ትከሻዋን ገልጣ ጠባሳውን ስታሳይና ሕዝቡ ጃፓናዊውን ሊቦጫጭቀው ሲነሳ ነው።

ዘረኛ ታሪክ ነው፤ ማለባበስ አያስፈልግም። ነገር ግን የሃያካዋን አተዋወን የተመለከተ ሰው ያልጠበቀው ነገር ይገጥመዋል። የዘመኑ ተዋንያን ከመድረክ የመጡ ነበሩ፤ ሲያዝኑ ደረታቸውን ይደልቃሉ፣ ሲናደዱ እጃቸውን ያወናጭፋሉ። ሃያካዋ በአንጻሩ አይንቀሳቀስም። ማኅተሙን ሲያነሳ ፊቱ ላይ የሚለወጥ ነገር የለም፤ የሚሠራው ዓይኑ ብቻ ነው። ዴሚል ደግሞ መብራቱን ከአንድ ጎን እያበራ ግማሹን ፊት ጨለማ ውስጥ ይተወዋል። ካሜራ በቀረበበት ቦታ ትንሽ ነገር ትልቅ ሆኖ እንደሚታይ ከሁሉ ቀድሞ የገባው ይህ ተዋናይ ነው ቢባል ብዙ ማጋነን አይሆንም።

ይህን ከአሜሪካኖቹ ይልቅ ፈረንሳዮቹ አዩት። ፊልሙ በ1916 «ፎርፌቱር» በሚል ርዕስ ፓሪስ ሲታይ ደራሲዋ ኮሌት ጻፈችለት፤ የፊልም ሐያሲው ሉዊ ዴሉክም አደነቀው። ማርሴል ሌርቢዬ የተባለው ወጣት ወደ ሲኒማ የሳበኝ ይህ ፊልም ነው እያለ ኖሯል። በ1921 ደግሞ ካሚል ኤርላንጄ የደረሰው ኦፔራ ሆኖ ፓሪስ ውስጥ መድረክ ላይ ወጣ። ከፊልም የተወሰደ የመጀመሪያው ኦፔራ ይሄ እንደሆነ ይነገርለታል። ጃፓን ውስጥ በአንጻሩ ለሕዝብ አልታየም፤ በአገሩ ሃያካዋ አገር ያዋረደ ተብሎ ተወቀሰ።

አሜሪካ ውስጥ ግን ያልታሰበ ነገር ሆነ። ክፉውን ሰው ሴቶች ወደዱት። ሩዶልፍ ቫለንቲኖ ስሙ ሳይታወቅ ገና፣ የሴት ተመልካች ልብ የሚያሸፍተው ኮከብ ሃያካዋ ነበር። ስቱዲዮው ይህን ሲያይ ዋና ሚናዎችን ይሰጠው ጀመር፤ አንድ ነገር ግን አልተፈቀደለትም፤ ነጯን ሴት አግብቶ ፊልሙ ማለቅ የለበትም። በካሊፎርኒያ ሕግ ነጭና «ሞንጎል» የሚባለው ዘር መጋባት የተከለከለ ነበር፤ ክልከላው የተነሳው በ1948 ነው። ስለዚህ በፊልም ላይ ሃያካዋ ይወዳል፣ ከዚያም ለወደዳት ሴት ሲል ይሞታል፣ ወይም ለነጩ ሰው ለቆለት ይሄዳል።

የሚጫወተው ሰው አገር ደግሞ ይለያያል። «ዘ ላስት ኦቭ ዘ ላይን» ላይ የአሜሪካ ቀደምት ነዋሪ፣ «ዘ ጃጓርስ ክሎውስ» ላይ የሜክሲኮ ሽፍታ፣ «ዘ ቦትል ኢምፕ» ላይ የሃዋይ ተወላጅ፣ «ዘ ቶንግ ማን» ላይ ቻይናዊ፣ «አን አረቢያን ናይት» ላይ ዐረብ ነው። ድምፅ አልባው ፊልም ይህን ሁሉ በቀላሉ ቻለው። ማን ምን ዓይነት እንግሊዝኛ እንደሚናገር አይሰማም፤ ጽሑፉ «ይህ ዐረብ ነው» ካለ ዐረብ ነው። ፊልሙ ብራዚል ወይም ሩሲያ ሲሄድም ጽሑፉን መለወጥ በቂ ነው። ተዋናዩ የሁሉም አገር ሰው ነበር። የማንም አገር ሰው አልነበረም ማለትም ይቻላል።

ሃያካዋ በዚህ ሰለቸ። በ1918 ሃዎርዝ ፒክቸርስ የሚባል የራሱን ኩባንያ አቋቋመ። በዚያን ዘመን አንድ ጃፓናዊ ስደተኛ በሆሊውድ የፊልም ኩባንያ ባለቤት መሆኑ ቀላል ነገር አይደለም፤ ምን ዓይነት ታሪክ እንደሚሠራ፣ ማን እንደሚጫወት የሚወስነው እሱ ሆነ። ሆሊውድ ውስጥ ግንብ የሚመስል ቤት ገዛ፤ ድግሱ በከተማው ወሬ ሆነ። ከኩባንያው ሥራዎች የላቀው በ1919 የወጣው «ዘ ድራገን ፔይንተር» ነው። ተራራ ላይ ብቻውን የሚኖር ሠዓሊ፣ ዘንዶ የነጠቃትን ፍቅረኛውን በምናቡ እየፈለገ ይሥላል፤ ልጅቱን በሥጋ ሲያገኛት ግን ጥበቡ ይጠፋዋል። ልጅቱ ሹሩ አኦኪ ናት። ጃፓን ተብሎ የሚታየው ተራራ ካሊፎርኒያ ያለው የዮሰሚቲ ሸለቆ ነው። በፊልሙ ውስጥ የሚተኮስ ሰው የለም፤ ነጭ ሴትን የሚያስፈራራ ጃፓናዊም የለም። ባልና ሚስቱ አንዴ እንኳ እንደ ሰው ተዋድደው የሚታዩበት ሥራ ስለሆነ ብቻውን መታየት የሚገባው ነው።

ብዙም አልቆየ። ካሊፎርኒያ በ1913 ያወጣችውን፣ ዜግነት የማይፈቀድላቸው የውጭ ሰዎች የእርሻ መሬት እንዳይገዙ የሚከለክለውን ሕግ በ1920 አጠበቀችው፤ የታለመው ጃፓናውያኑ ላይ ነበር። በኅዳር 1922 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ታካዎ ኦዛዋ በተባለ ሰው ጉዳይ ላይ ጃፓናዊ የአሜሪካ ዜጋ ሊሆን አይችልም ብሎ ወሰነ። በ1924 ደግሞ የፍልሰት ሕጉ በሩን ጠርቅሞ ዘጋው። ጋዜጦቹ ስለ «ቢጫ አደጋ» በሚጽፉበት አገር የጃፓናዊ ኮከብ ፊልም እየተገፋ ሄደ፤ ከአከፋፋዮቹም ጋር ተጣላ። በ1922 ሃያካዋና ሹሩ ከሆሊውድ ወጡ።

ፈረንሳይ እጇን ዘርግታ ተቀበለችው። በ1923 «ላ ባታይ» የሚለውን ፊልም ሠራ፤ ከክሎድ ፋሬር ልቦለድ የተወሰደ ነው። ሃያካዋ የተጫወተው የሩሲያና የጃፓን ጦርነት ላይ የሚዋጋ የጃፓን ባሕር ኃይል መኮንን ሆኖ ነው። በጆሮው የተነሳ ያጣውን መለያ ልብስ ፓሪስ ውስጥ ለበሰው። ከዚያ እንግሊዝ ሄዶ ሁለት ፊልም ሠራ፤ አሜሪካ ተመልሶ መድረክ ላይ ሞከረ፤ ልቦለድም ጻፈ። የ1920ዎቹ ሁለተኛ አጋማሽ በእንዲህ ያለ መንከራተት አለፈ።

ድምፅ ሲመጣ ሃያካዋ አርባ ዓመት አልፎታል። በ1931 ፓራማውንት «ዶተር ኦቭ ዘ ድራገን» ላይ አሠራው። ይህ ፊልም በራሱ ትልቅ ፊልም አይደለም፤ እንዲያውም ርካሽ ነው፤ ግን የዘመኑን ሥርዓት እንደሱ የሚያሳይ የለም። ሃያካዋ ቻይናዊ መርማሪ ነው። ሎስ አንጀለስ የተወለደችው አና ሜይ ዎንግ የክፉው የፉ ማንቹ ልጅ ናት። ፉ ማንቹን ራሱን የተጫወተው ስዊድን የተወለደው ዋርነር ኦላንድ ነው። ኦላንድ በፊልሙ መጀመሪያ ላይ ይሞታል፤ የተከፈለው ግን ከሁሉም ይበልጣል፤ 12,000 ዶላር። ሃያካዋ 10,000፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ያለችው ዎንግ ደግሞ 6,000 እንዳገኙ በዎንግ የሕይወት ታሪኮች ተጽፏል። ሃያካዋን ለመስማት ጆሮውን የቀሰረው ተመልካች ንግግሩ ከበደው። ስዊድናዊው ፈጥሮ የሚያወጣው የቻይና ቅላጼ ተወደደ፤ ከምሥራቅ የመጣው ሰው የእውነት ቅላጼ ግን ጉድለት ተባለ። በጽሑፍ ይለወጥ የነበረው አገሩ አሁን ጉሮሮው ውስጥ ገብቷል፤ ማውጣትም አይቻልም።

ጃፓን ተመልሶ የተወሰኑ ፊልሞች ሠራ። በ1937 በወጣው፣ ጀርመኖችና ጃፓኖች በጋራ ባዘጋጁት ፊልም ላይ ኋላ በጃፓን ሲኒማ ታላቅ ስም ያገኘችው የሴትሱኮ ሃራ አባት ሆኖ ይታያል። ያን ዓመት ዳይሬክተሩ ማክስ ኦፉልስ «ዮሺዋራ»ን ሲሠራ ፓሪስ ጠራው። እዚያው እያለ ደግሞ ማርሴል ሌርቢዬ፣ ያ በወጣትነቱ በ«ፎርፌቱር» የተማረከው ሰው፣ ፊልሙን በድምፅ ደግሞ ሊሠራው ተነሳ። ለክፉው ሰው ሚና ከሃያካዋ ሌላ ማንን ይጥራ? ሃምሳ ዓመት ያለፈው ተዋናይ በሃያ ዘጠኝ ዓመቱ የተጫወተውን ሚና በፈረንሳይኛ እየተናገረ ተጫወተው። ታሪኩ የሚካሄደው ሞንጎሊያ ውስጥ ነው፤ ያ በ1915 ጃፓናዊ፣ በ1918 በርማዊ የነበረው ሰውዬ በ1937 የሞንጎል ልዑል ሆነ። ሃያካዋ ፊት ላይ ያ የጥንቱ እርጋታ አሁንም አለ፤ ችግሩ አሁን መናገር አለበት።

በ1939 «ማካዎ፣ ሲኦለ ቁማር» የሚለውን ፊልም ከተዋናዩ ከኤሪክ ፎን ስትሮሃይም ጋር ሠራ። ጦርነቱ መጣ፤ ጀርመኖች ፈረንሳይን ሲይዙ ናዚዎች የማይወዱት ስትሮሃይም ያለበት ፊልም መታየት አልቻለም። መፍትሔ ተገኘ፤ የስትሮሃይምን ትዕይንቶች አውጥተው ፒየር ሬኗርን ተክተው እንደገና ቀረጹ፤ ፊልሙ በ1942 ወጣ። የሃያካዋ ክፍል አልተነካም፤ ጃፓን የጀርመን አጋር ናት። የአጋርነት ነገር እንደ 1918ቱ ሁሉ ያኔም ፊልም አስለወጠ፤ ልዩነቱ ድምፅ ስላለ ጽሑፍ በመለወጥ ብቻ አልተቻለም፣ ሰው መለወጥ አስፈለገ።

ሃያካዋ በጦርነቱ ምክንያት ፓሪስ ቀረ። ሹሩና ልጆቻቸው ቶኪዮ ናቸው። ሥዕል እየሣለ እየሸጠ ኖረ፤ ቤተሰቡን ሳያይ ከአሥር ዓመት በላይ ተቆጠረ።

ከዚያ ያወጣው አሜሪካዊው ተዋናይ ሃምፍሪ ቦጋርት ነው። በ1949 የቦጋርት ኩባንያ ለ«ቶኪዮ ጆ» ተንኮለኛ ጃፓናዊ ሲፈልግ ሃያካዋን ፓሪስ አገኘው። በሚቀጥለው ዓመት «ስሪ ኬም ሆም» ላይ ቦርኒዮ ያለውን የእስረኞች ካምፕ የሚያዝዝ ኮሎኔል ሆነ፤ ከአግነስ ኒውተን ኪት ማስታወሻ የተወሰደ ፊልም ነው። ጦርነቱ ሲያልቅ ኮሎኔሉ ልጆቹን በአቶሚክ ቦምቡ ማጣቱን ይሰማል። የእስረኞቹን ሕፃናት ቤቱ ወስዶ ምግብ ያቀርብላቸዋል፤ እነሱ ሲበሉ እሱ ዞር ብሎ ያለቅሳል። ጦርነቱ ካለቀ ገና አምስት ዓመት ነው፤ አሜሪካዊ ተመልካች ለጃፓን መኮንን እንዲያዝን ያደረገ ትዕይንት ነው።

ዳይሬክተሩ ዴቪድ ሊን በ1957 «የክዋይ ወንዝ ድልድይ»ን ሲሠራ ለጃፓናዊው የእስረኞች ካምፕ አዛዥ ለኮሎኔል ሳይቶ ሚና ወደ ሴይሎን ይዞት ሄደ። የሳይቶ እንግሊዝኛ የተቆራረጠ፣ የሚጮኽ፣ የሚያዝዝ ነው። በ1931 ጉድለት የተባለው ቅላጼ እዚህ ሚናው የሚጠይቀው ሆነ። ቢሆንም ሃያካዋ የሚበልጠው ዝም ሲል ነው። የእንግሊዛውያን እስረኞቹ አለቃ ኮሎኔል ኒኮልሰን እንዳሸነፈው የገባው ሳይቶ እስረኞቹ በደስታ ሲጮኹ በክፍሉ ውስጥ ተደፍቶ ያለቅሳል። እስረኞቹ የሚሠሩት ድልድይ ሲያልቅም ከፀጉሩ ቆርጦ ከደብዳቤ ጋር ያስቀምጣል፤ ስለቱንም ያዘጋጃል። ምን ሊያደርግ እንዳሰበ የሚናገር የለም። በ«ዘ ቺት» ከነበረው አተዋወን ጋር ለሚያነጻጽረው ሰው አንድ ትምህርት ቤት መሆኑ ይታወቃል፤ የተለወጠው ስለ ገጸ ባህርይው የተጻፈው ነገር ነው፤ ይሄኛው ሰው ነው።

በ1958 ፊልሙ ሰባት ኦስካር ወሰደ። ሃያካዋ በረዳት ተዋናይነት ታጨ፤ ሽልማቱን ግን «ሳዮናራ» ላይ የተጫወተው ሬድ በተንስ ወሰደ። በዚያው ምሽት ከዚያው «ሳዮናራ» ጃፓናዊቷ ሚዮሺ ኡሜኪ በረዳት ተዋናይትነት አሸነፈች።

ከዚያ በኋላ ሆሊውድ የድሮ ልማዱን ቀጠለ። «ግሪን ማንሽንስ» ላይ የደቡብ አሜሪካ ጎሣ አለቃ፣ የዲዝኒው «ስዊስ ፋሚሊ ሮቢንሰን» ላይ የባሕር ወንበዴ አደረገው። ኮሜዲያኑ ጄሪ ሉዊስ «ዘ ጌይሻ ቦይ» ላይ ሲያሾፍበት ሃያካዋ ራሱ ተባበረው፤ ግቢው ውስጥ ትንሽ የክዋይ ድልድይ ያሠራል፤ ሠራተኞቹም የፊልሙን ማርሽ ያፏጫሉ። በሥራው መሳቅ የሚችል ሰው ነበር። በ1960 «ሄል ቱ ኢተርኒቲ» ላይ እሱ የጃፓን ጄኔራል ሲሆን ሹሩ አኦኪ የጃፓናውያን አሜሪካውያን ቤተሰብ እናት ሆና ተጫወተች፤ በድምፅ አልባው ዘመን የቀደመችው ሹሩ እንግሊዝኛዋ በፊልም የተሰማበት ሥራ ይሄ ነው። በቀጣዩ ዓመት አረፈች።

ሃያካዋ የዜን ቡድሂስት ካህን ሆኖ ነበር። በ1966 «ዘ ዴይድሪመር» በተባለው የአሻንጉሊት ፊልም ላይ ለአንድ ፍልፈል ድምፁን ሰጠ፤ በፊቱ ብቻ ዓለምን ያስደመመው ሰው በዚህ ሥራ በድምፁ ብቻ አለ። በ1973 ቶኪዮ ውስጥ ሞተ። ሃዎርዝ ከሠራቸው ፊልሞች አብዛኞቹ ዛሬ የሉም። «ዘ ድራገን ፔይንተር»ም ለአሥርት ዓመታት እንደጠፋ ይቆጠር ነበር፤ ፈረንሳይ ውስጥ ከተገኘ ቅጂ ታድሶ በ2014 የአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ገባ።